ድስት ውስጥ የገባው ነጋዴ

በ1938 የተሠራ «ጃንግል ጂተርስ» የሚባል አጭር የካርቱን ፊልም አለ። (ዓመቶቹን በፈረንጅ አቆጣጠር ነው የምጽፈው፤ ፊልሞቹ የእነሱ ናቸውና በእነሱው ቀን ይጠሩ።) ያወጣው ዋርነር ብራዘርስ፣ ዳይሬክተሩ ፍሪዝ ፍሬለንግ ነው። ታሪኩ በሁለት ትንፋሽ ያልቃል። አንድ ዟሪ ሻጭ ሻንጣውን አንጠልጥሎ ጫካ ውስጥ ካለ «የአፍሪካ» መንደር ይደርሳል። ቤት ለቤት እየዞረ ያንኳኳል። የመንደሩ ሰዎች ይይዙትና ድስት ውስጥ ይከቱታል፤ ሻንጣውንም ይበረብራሉ። ንግሥቲቱ ታየውና ትወደዋለች። ሰውዬው ግን እሷን ከማግባት መቀቀል ይሻለኛል ብሎ ራሱ ድስቱ ውስጥ ዘሎ ይገባል። አለቀ። ሳቅ።

እኔ የመርካቶ ልጅ ነኝ። ፊልሙን ሳይ መጀመሪያ የከነከነኝ ነገር ሰዎቹ እንዴት ተደርገው እንደተሳሉ አልነበረም፤ እሱንማ ከሩቅ ያስታውቃል። የከነከነኝ ሌላ ነው። አንድ ሻጭ መንደሩን ሙሉ ሲያዳርስ አንድ ሰው እንኳ «ስንት ነው?» አላለውም።

ኧረ ባካችሁ! ያንን ሰውዬ ከነሻንጣው ጎጃም በረንዳ ላይ አውርዱት። ሻንጣው መሬት ሳይነካ ሦስት ደላላ ይከበዋል። አንዱ «መጨረሻውን ንገረኝ» ይለዋል፤ ሁለተኛው ዕቃውን ገልብጦ የት አገር እንደተሠራ ያነባል፤ ሦስተኛው «ይሄማ ዱባይ ተራ በግማሽ ዋጋ ሞልቶ የለ እንዴ» ብሎ ወኔውን ይሰልበዋል። የተበላሸ ዕቃ ካለው ምናለሽ ተራ ይወሰድና ሞተሩ ለሌላ ማሽን፣ ቆርቆሮው ለምድጃ ይውላል። ማታ ላይ ሰውዬው ሻንጣውን ጭምር ሸጦ፣ ነገ በዱቤ ሊያመጣ ቃል ገብቶ፣ ምናልባትም እቁብ ገብቶ ነው የሚያድረው። መርካቶ ሰው ይበላል ከተባለም የሚበላው በዋጋ ነው እንጂ በድስት አይደለም።

ይህን የምለው ለጨዋታ ብቻ አይደለም። ዲዝኒ በ1932 «ትሬደር ሚኪ» የሚል ካርቱን አወጣ። ስሙ «ነጋዴው ሚኪ» እንደማለት ነው፤ ከአንድ ዓመት በፊት ሲኒማ ቤቶችን ያጥለቀለቀውን «ትሬደር ሆርን» የተባለ የአፍሪካ ፊልም ለመቀለድ የወጣ ስም። ሚኪ ከውሻው ከፕሉቶ ጋር ሸቀጥ በጫነ ጀልባ ወንዝ ይወርዳል። ሰው በላዎች ይይዙታል፤ ድስቱ ይጣዳል። ከሸቀጡ መሀል የሙዚቃ መሣሪያዎች ይገኛሉ፤ ሚኪ ሳክስፎኑን ይነፋል፤ ሁሉም ይጨፍራል። ልብ አድርጉ፤ ርእሱ ነጋዴ ይላል፣ ፊልሙ ውስጥ ግን አንድም ግብይት የለም። ገዢ የሌለው ነጋዴ ምን ዓይነት ነጋዴ ነው?

ድስቱ የሚሠራው ሥራ እዚህ ላይ ነው። ሰዎች ሲገበያዩ እኩል ናቸው አይባልም፤ ሀብታም አለ፣ ደኻ አለ፣ የቸገረው አለ። ቢያንስ ግን ሁለቱም እምቢ ማለት ይችላሉ። «አልቀንስም፣ ከፈለግህ ሂድ» ማለት ይቻላል፤ ሰውዬውም ሦስት እርምጃ ሄዶ ይመለሳል፣ ወይም አይመለስም። የካርቱኑ ሰው በላ ግን እምቢ አይልም። ወይ ይበላል፣ ወይ ይጨፍራል። እምቢ ማለት እንደሚችል አድርገህ ያልሳልኸው ሰው ደግሞ መሬቱን፣ ማዕድኑን፣ ጉልበቱን ብትወስድበት መዝረፍ አይባልም፤ «ማሰስ» ይባላል። እናም በእነዚህ ፊልሞች ውስጥ ዘራፊው ሁልጊዜ የአገሩ ሰው ነው፤ ሻንጣ በርባሪው እሱ ነው። እውነት ሻንጣ የበረበረው ማን ነበር?

በ1940 ቦብ ክላምፔት የሠራው «አፍሪካ ስኩዊክስ» የተባለ ካርቱን አለ፤ አሳማው ፖርኪ አፍሪካን ሊያስስ ይሄዳል፣ ስታንሊም ሊቪንግስተንን ፍለጋ ሲንከራተት ይቀለድበታል። ስታንሊ ማለት ለዚያ ተመልካች የአሳሽ ሁሉ አሳሽ ነው። እሱ ሊቪንግስተንን ያገኘው በ1871 ነው። ከዚያ ሦስት ዓመት በፊት የት ነበር? መቅደላ። የኒው ዮርክ ሄራልድ ጋዜጠኛ ሆኖ ከእንግሊዝ ጦር ጋር በ1868 መጥቶ፣ የዐፄ ቴዎድሮስን መጨረሻ ከሌሎቹ ጋዜጠኞች ቀድሞ ለዓለም ያሰማው እሱ ነው። ስሙን ያገነነውም አንዱ ያ ወሬ ነው። ጦሩ ከመቅደላ የዘረፈውን ብራናና ንዋየ ቅድሳት ለማጓጓዝ 15 ዝሆንና ወደ 200 የሚጠጋ በቅሎ አስፈልጎታል። ከዚያ ውስጥ ብዙው ዛሬም ለንደን ነው። ይህን የሚያሳይ ካርቱን ግን የለም፤ ዝሆኖቹ ብቻ እኮ ለካርቱን ይበቁ ነበር።

ለፍትሕ ሲባል አንድ ነገር መናገር አለብኝ። ይህ ዘውግ ሲጀመር የሚስቀው በሌላ ሰው ነበር። ጄ. አር. ብሬይ በ1913 ያወጣው የመጀመሪያው የኮሎኔል ሂዛ ላየር ፊልም አፍሪካ ውስጥ የሚካሄድ ነው፤ የኮሎኔሉ ስም በእንግሊዝኛ ሲሰማ «ውሸታም ነው» ይላል። ቴዎዶር ሩዝቬልት በ1909 አፍሪካ ወርዶ እሱና ጓደኞቹ ከነፍሳት እስከ ዝሆን ከ11 ሺህ በላይ ፍጥረት ገድለውና ይዘው ለሙዚየም ልከው ነበር፤ ኮሎኔሉ የእሱ ጉራ ማሾፊያ ነው። እንግዲህ መጀመሪያ ላይ የቀልዱ ግማሽ፣ ምናልባትም ከግማሽ በላይ፣ አሳሹ ላይ ነበር፤ ሄድኩ ገደልኩ እያለ የሚቀባጥር ሰውዬ ላይ። በሃያ ዓመት ውስጥ ቀልዱ ፊቱን አዞረ። አሳሹ ተወዳጅ አይጥና አሳማ ሆነ፤ መሳቂያው ተጓዡ ያገኘው ሰው ሆነ።

የዞረበትን ልክ ለማየት የሉዊ አርምስትሮንግ ነገር ይበቃል። የፍላይሸር ስቱዲዮ በ1932 ባወጣው አንድ የቤቲ ቡፕ ካርቱን ውስጥ አርምስትሮንግ ከነባንዱ በአካል ቀርቦ ይጫወታል። ከዚያ ታሪኩ ጫካ ይገባል፤ የቤቲን ጓደኞች አንድ «አረመኔ» ያሳድዳቸዋል፤ ጭንቅላቱ ብቻውን በአየር ላይ እየተንሳፈፈ ሲያባርራቸው ይለወጥና የአርምስትሮንግ የራሱ ጭንቅላት ይሆናል፤ ይዘፍናል። በዘመኑ ከነበሩት ሙዚቀኞች ሁሉ አንደኛው ነው ይህ ሰው! ሙዚቃውን ለማግኘት ጋበዙት፤ የግብዣው ዋጋ ራሱን ሰው በላ ሆኖ ማየት ነበር። እዚህ እንኳ ግብይት አለ፤ ግን እንዴት ያለ ግብይት።

አሁን ወደ ራሳችን ሰበብ ልምጣ፤ የጻፍኩትም ስለሱ ነው።

ይህን ለማን ባወራ መልሱ አንድ ነው፦ «እኛን አይመለከትም። እኛ ቅኝ አልተገዛንም። እነሱ የሣሉት የኮንጎን ሰው ነው፣ የምናምን ደሴትን ሰው ነው።» ካፌ ውስጥ የተማረው ይለዋል፤ ሱቅ ውስጥ ነጋዴው ይለዋል፤ ዲያስፖራውማ በፉከራ ይለዋል። በ1935 ጣሊያን ውስጥ የወጣውን ሸክላ የሰማ ሰው ግን እንዲህ አይልም። ክሪቬል የተባለው ዘፋኝ «ቶፖሊኖ በአቢሲኒያ» የሚል ቀልድ አዘል ዘፈን አስቀረጸ። ቶፖሊኖ ማለት ሚኪ ማውስ ነው፤ ጣሊያኖች እስከ ዛሬ የሚጠሩት በዚህ ስም ነው። ያ የ«ነጋዴው ሚኪ» አይጥ ወታደር ቤት ቀርቦ ኢትዮጵያ ዝመት በሉኝ ይላል። ቸኩሏል፤ ምክንያቱም ለእናቱ ጫማ፣ ለአባቱ የመኪና መቀመጫ የሚሆን የጥቁር ሰው ቆዳ ሊልክላቸው ቃል ገብቷል። ይህ የሕፃናት ቀልድ ነው፤ ልጆችም ሰሙት። ዲዝኒ ያዘዘው አይደለም፤ ጣሊያኖች የተወደደውን አይጥ ተውሰው የሠሩት ነው። ግን ተውሰው ብዙ መለወጥ አላስፈለጋቸውም። ጫካው ተዘጋጅቷል፣ አረመኔው ተዘጋጅቷል፣ አሳሹ ፈገግ ብሏል። ባርኔጣውን በቆብ መተካት ብቻ ነበር የቀረው። በዚያው ዓመት መጨረሻ አውሮፕላኖቻቸው የመርዝ ጋዝ ማዝነብ ጀመሩ።

አይጡ ለመጣባት አገር «እኛን አይመለከትም» ማለት ምን ማለት ነው?

ደግሞም ይህን የምንለው የት ቆመን ነው? መርካቶ የሚለው ቃል ራሱ የዚያው የካርቱን ጫካ ቁራጭ ነው። ከወረራው በፊት የከተማው ትልቁ ገበያ አራዳ ነበር፣ ጊዮርጊስ አጠገብ። ጣሊያኖች ከተማዋን ነጭና ጥቁር ብለው ሊከፍሏት ተነሱ፤ ጉዊዲና ቫሌ የተባሉ አርክቴክቶቻቸው ንድፉን አወጡ። በንድፉ መሠረት አራዳና ዙሪያው ለነጩ፣ የአገሩ ሰው ወደ ምዕራብ፣ አዲስ ወደተሸነሸነው «አዲስ ከተማ»። ገበያውም አብሮ ተባረረና «ሜርካቶ ኢንዲጄኖ» ተባለ፤ «የአገሬው ተወላጆች ገበያ» እንደማለት። ኢንዲጄኖ ሲሉ በክብር አይደለም፤ ካርቱኑ ላይ ሣር ያገለደመውን ሰውዬ ማለታቸው ነው። ዛሬ ጠዋት ተሸካሚው «ዞር በል!» እያለ የሚያቋርጣቸው እነዚያ ቀጥ ያሉ መንገዶች የተሰመሩት ሰውን ከሰው ለመለየት ነበር።

ከዚያ የሆነውን ሁላችንም እናውቃለን፤ ለዚህ ነው ለከተማችን ታሪክ ያለኝ ፍቅር የማይበርደው። ጣሊያን ሄደ። አረቦቹና ህንዶቹ የያዙትን ንግድ ቀስ በቀስ ከጉራጌ ምድር በእግሩ የመጣው፣ ከችርቻሮ፣ ከሊስትሮ፣ ከበረንዳ አዳሪነት የተነሳው ሰው ተረከበው። «ኢንዲጄኖ» የሚለውን ቃል ማንም ስብሰባ ጠርቶ አልሻረውም፤ በቃ ወደቀ። «መርካቶ» ብቻ ቀረ። ለአረመኔ የታጠረ በረት የአገሪቱ የዋጋ መቁረጫ ሆነ፤ ጅማ ላይ በርበሬ ስንት እንደሚሸጥ የሚወሰነው እዚህ ነው፤ የመቀሌ ባለሱቅ ስልክ የሚደውለው እዚህ ነው።

ስለ ገንዘቡም ልጨምር፤ ይህቺን በጣም እወዳታለሁ። ሕዝቡ የለመደው ብር በ1780 ቀን የተመታው የማሪያ ትሬዛ ጠገራ ነው። ገበሬው ጠገራ ሲሰጠው እንዲሁ አይቀበልም፤ የንግሥቲቱን ጌጥ ዕንቁ በጣቱ ይዳብሳል፣ የተላጠ ወይም የደበዘዘ ከሆነ ይመልሳል። ሙሶሊኒ ይህን ስለሚያውቅ በ1935 የጠገራውን ማተሚያ ከቪየና አስመጥቶ ሮም ውስጥ የሞተች የኦስትሪያ ንግሥት ምስል ያለበትን ብር ማስመታት ጀመረ። የወረቀት ሊሬውን የእኛ ሰው እምቢ ብሎታላ! እንግዲህ ያው ሚኪ ማውስ ቆዳቸውን እገፋለሁ እያለ ሲያቅራራባቸው የነበሩት «አረመኔዎች»፣ የሮምን መንግሥት በገበያ ላይ የሌላ አገር ገንዘብ እንዲያትም አስገድደውታል። ይህ ነው ካርቱኖቹ ውስጥ የሌለው ሰው፤ ዕንቁ ቆጥሮ «ይሄ ተልጧል፣ ቀይርልኝ» የሚለው።

ይህን ሁሉ ብዬ እዚህ ላይ ባቆም ለአገሬ ሰው ደስ ይለዋል፤ ኩራት ያለበት ጽሑፍ ነው። ግን አላቆምም። «እኛን አይመለከትም» ከሚለው ሥር ሌላ ነገር አለ፦ ይህን ጫካ እኛም እንጠቀምበታለን።

ባለፈው ዓመት ለእህቴ ልጅ ካርቱን ላስጭን አንድ ፊልም ጫኝ ሱቅ ገባሁ። ስሙን መጥራት አያስፈልግም፤ እንዲህ ያለ ሱቅ ብዙ ነው። ልጁ ፍላሼን ተቀብሎ «ድሮ ካርቱን» የሚል ፎልደር ሙሉውን ገለበጠልኝ። ከመሀሉ እነዚህ ፊልሞች ነበሩ፤ «ጃንግል ጂተርስ»ን ጨምሮ ብዙዎቹ የባለቤትነት መብታቸው ስላለቀ ማንም እንደልቡ ያባዛቸዋል። አሜሪካ ውስጥ ግን በ1968 ዩናይትድ አርቲስትስ የተባለው ድርጅት ከዋርነር ካርቱኖች አስራ አንዱን ከቴሌቪዥን አውጥቷል፤ ይህ አንዱ ነው። የአሜሪካ ልጅ የማያየውን የእኛ ልጅ በ64 ጂቢ ታገኘዋለች። የእህቴ ልጅ ሰባት ዓመቷ ነው። ትንሽ አየችና «አጎቴ፣ እነዚህ እኛ አይደለንም አይደል?» አለችኝ። ከዚያ ቀጥላ፦ «እነዚያ ባለፈው በቴሌቪዥን ያየናቸው ናቸው አይደል?»

ባለፈው ያየነው የጉዞ ፕሮግራም ነው። የአዲስ አበባ ጋዜጠኛ፣ ባርኔጣ አድርጎ፣ ደቡብ ኦሞ ወርዶ፣ በአስተርጓሚ እየተነጋገረ፣ ካሜራው የሙርሲ ሴት ከንፈር ላይ ተተክሎ። ከጀርባ ከበሮ። ሴትየዋ ስለ ከብቶቿ፣ ስለ ዝናቡ፣ ፎቶ ለሚያነሳት ቱሪስት ስንት እንደምታስከፍል ልታወራ ትችል ነበር፤ ታስከፍላለችና! በፎቶ ተከራክራ፣ ብሩን ቆጥራ ነው የምትቀበለው። እሷ ዋጋ ቆርጣለች፤ የእኛ ፕሮግራም ግን ያንን ቆርጦ ይጥለዋል፣ ምክንያቱም የምትከራከር ሴት «ብርቅዬ» አትሆንለትም። ጃንግል ጂተርስ በአማርኛ፣ በከለር።

አዲስም አይደለም። ሻንቅላ የሚለውን ቃል ማን ፈጠረው? ፈረንጅ ነው? ባርነት በአዋጅ የተሻረው በ1942 ነው፤ ሚኪ ሳክስፎን ከነፋ ከአስር ዓመት በኋላ። ሰው ከጠረፍ እየተነዳ ለገበያ ሲወጣ «እነሱ እኮ…» ተብሎ የሚሰጠው ምክንያት ከካርቱኑ ምክንያት የሚለይ አይደለም። ዛሬ እንኳ የኮሜዲ ሲዲውን አውጡት። መርካቶን የሠራው ነጋዴ እዚያ ላይ አፉ የሚኮላተፍ፣ ገንዘብ ብቻ የሚያይ ሰው ነው፤ ጋቢያችንን የሸመነው የጋሞ ሰው መሳቂያ ነው። «ቀልድ ነው እኮ፣ ምን ታካብዳለህ» ይሉኛል። ፍሬለንግም ቢጠየቅ ይህንኑ ይል ነበር።

ቀልድ መሆኑን አልካድኩም። አንዳንዱ እንዲያውም በጥሩ እጅ የተሠራ ነው፤ የትሬደር ሚኪ ጭፈራ ከሙዚቃው ጋር የሚሄድበት ስልት ዛሬ እንኳ ያስቀናል። ይከልከልም አላልኩም። አስራ አንዱን መደበቅ ለአሜሪካ ምን እንዳደረገላት አላውቅም ለማለት እደፍራለሁ፤ ድስቱ ከቴሌቪዥን ቢወጣም ከአእምሮ አልወጣም። የቱሪስት መጽሐፎቹን አገላብጡ፤ ስለ መርካቶ ሲጽፉ ትርምስ ነው፣ ውስጡ ሰው ይጠፋል፣ ኪስህን ጠብቅ፣ አስጎብኚ ሳትይዝ አትግባ። ጫካው ቆርቆሮ ለበሰ እንጂ አልተመነጠረም። በዚያ «ትርምስ» ውስጥ ሸማ ተራ ሸማ፣ ሳጥን ተራ ሳጥን እንደሚሸጥ፣ ከዚህ በላይ ሥርዓት የያዘ ገበያ እንደሌለ ማን ይንገራቸው?

የምጠይቀው ትንሽ ነው። ፍላሽ ለሚጭነው ልጅ፦ ወንድሜ፣ ይህን ፎልደር ለትልቅ ሰው ሽጠው፣ ለሕፃን አትስጠው። ካርቱን ወደ አማርኛ ለምትመልሱት፦ ጫካ የገባውን ክፍል ስታገኙ «አረመኔው»ን የጠረፍ ሰው አነጋገር አታናግሩት፤ ይህን ሲያደርጉ በጆሮዬ ሰምቻለሁ። ለሠዓሊዎቻችን ደግሞ፦ «ፀሐይ መማር ትወዳለች» የተባለው የልጆች ፕሮግራም በ2006 ሲጀምር ዋናዋን ገጸ ባሕርይ ቀጭኔ አደረጋት። በፈረንጅ ካርቱን ቀጭኔ የጫካው ማስጌጫ ናት፣ አሳሹ አንገቷን እንደ መሰላል ይወጣባታል። እዚህ ግን ጥያቄ የምትጠይቅ የስድስት ዓመት ተማሪ ሆነች። ከዚያ በኋላ ስንት ሠራን? የሚኒሊክን ጦርና የአድዋን ፈረስ ደጋግመን ሣልን፤ ደስ ይላል። ሚዛን ይዞ በርበሬ የሚመዝን፣ «አልቀንስም» የሚል፣ ሻጩን ሦስት እርምጃ ሸኝቶ የሚጠራ አንድ የመርካቶ ሰው በካርቱን ያየ ካለ የት እንደሚሸጥ ይንገረኝ፤ ዋጋውን እከራከራለሁ እንጂ እገዛዋለሁ።